የተኛ ሰው ፈቃድ
ስለ ሕልም መግቢያ መሣሪያ ለአምቦና ለአካባቢዋ ከተሞች ሕዝብ የቀረበ ትምህርታዊ ንግግር

ዛሬ የምንነጋገርበት መሣሪያ ገና ገበያ ላይ አልዋለም። ሁለትና ሦስት ሰዎች ተኝተው አንድ ሕልም እንዲያዩ፣ ከዚያም አልፎ አንዱ በሌላው ሕልም ገብቶ ያሻውን እንዲያኖር ወይም እንዲያነሣ የሚያደርግ መሣሪያ ማለቴ ነው። እስካሁን የምናውቀው በልብ ወለድ ብቻ ነው። ጃፓናዊው ደራሲ ያሱታካ ጹጹይ እ.ኤ.አ. በ1993 ያሳተመው፣ ሳቶሺ ኮን በ2006 ፊልም ያደረገው «ፓፕሪካ» ሐኪሞች የሕመምተኛን ሕልም አይተው ለማከም ስለሠሩት መሣሪያ ይተርካል። በፊልሙ መሣሪያው ማን ይግባ ማን አይግባ የሚል መቆለፊያ ሳይበጅለት ይሰረቃል፤ ከዚያ በኋላ የሰው ሁሉ ሕልም ይደበላለቃል። በ2010 የወጣው የክሪስቶፈር ኖላን «ኢንሴፕሽን» ደግሞ የአንድ ባለጸጋ ወራሽ በተኛበት የአባቱን ድርጅት እንዲበትን የሚገፋፋ ሐሳብ ሲተከልበት ያሳያል። ወራሹ ሲነቃ ሐሳቡ ከራሱ የመነጨ ይመስለዋል። ሁለቱ ታሪኮች በብዙ ነገር ቢለያዩም ጥፋቱ የሚጀምረው ከአንድ ቦታ ነው፦ የተኛው ሰው ማን እንደገባበት አያውቅም፤ ቢያውቅም ውጣ ማለት አይችልም።

ይህን ጉዳይ በምዕራብ ሸዋ ማንሣቴ ያለ ምክንያት አይደለም። የዚህ አገር ሕዝብ ሕልምን ከሌላ ሰው ጋር መካፈልን ከማሽን አይማርም። ሕልሙን ሲናገር፣ ሲያስፈታ፣ በሕልሙ ሲጠነቀቅና ሲጽናና የኖረ ሕዝብ ነው። ሆኖም የሚካፈለው ነቅቶ፣ ፈቅዶና የሚያዋየውን ሰው መርጦ ነው። የዛሬው ንግግሬ የሚቆመው በአንድ ሐሳብ ላይ ነው፦ ይህ ነባር ሥርዓት መሣሪያው ሳይደርስ ወደ ሕግ መለወጥ አለበት። ምክንያቱም የተኛ ሰው እንቢ ማለት አይችልም፤ እንቢ ማለት የማይችል ሰው ደግሞ ፈቅዷል ሊባል አይገባም።

መሣሪያው የለም ስል መንገዱም አልተጀመረም ማለቴ አይደለም። እ.ኤ.አ. በ1953 በቺካጎ ዩኒቨርሲቲ ዩጂን አሰሪንስኪና ናትናኤል ክላይትማን አንድ ነገር አሳወቁ፤ በእንቅልፍ መካከል የሰው ዓይን ከቆቡ ሥር በፍጥነት የሚንቀሳቀስበት ጊዜ አለ፤ በዚያ ሰዓት የተቀሰቀሰ ሰው ብዙውን ጊዜ ሕልም ላይ እንደነበር ይናገራል። በዚህ ጊዜ የእጅና የእግር ጡንቻ ይዝላል፤ ዓይን ግን ነጻ ነው። እንግሊዛዊው ኪት ኸርን በ1975 ይህን ተጠቀመበት። ሕልም እያየ መሆኑን የሚያውቅ ሰው አስቀድሞ በተስማሙበት ምልክት ዓይኑን ግራና ቀኝ እያመላለሰ ከእንቅልፉ ውስጥ ወደ ውጭ መልእክት ላከ። በ2021 ደግሞ በአሜሪካ፣ በፈረንሳይ፣ በጀርመንና በኔዘርላንድ የሚገኙ አራት ቤተ ሙከራዎች 36 ሰዎችን አሳትፈው መልእክቱ በሁለቱም አቅጣጫ እንደሚሄድ አሳዩ። ሕልም ላይ ያለ አንድ ወጣት ከስምንት ስድስት ሲቀነስ ስንት ይቀራል ተብሎ ተጠየቀ፤ እንደተኛ ዓይኑን ሁለት ጊዜ ግራና ቀኝ አመላልሶ መለሰ። ጥያቄው ለአንዳንዶቹ በሕልማቸው ውስጥ እንደ ፊልም ተራኪ ድምፅ ሆኖ ተሰምቷቸዋል። ከ158 ሙከራዎች ትክክለኛ መልስ የተገኘባቸው 18 ከመቶ ያህሉ ብቻ ናቸው፤ 60 ከመቶ በሚሆኑት ጭራሽ መልስ አልተገኘም። ቁጥሩ ትንሽ ነው፤ ነገር ግን ከውጭ የተነገረ ቃል ወደ ሕልም እንደሚገባና መልስ ይዞ እንደሚወጣ ከእንግዲህ የሚያከራክር አልሆነም።

ሕልምን ከውጭ ማየትም ተሞክሯል። በጃፓን የዩኪያሱ ካሚታኒ ቡድን በ2013 ባወጣው ጥናት ሦስት ሰዎች የአንጎልን እንቅስቃሴ በሚያነሣ ማሽን ውስጥ ተኙ። እያንዳንዳቸው ሸለብ ሲያደርጋቸው እየተቀሰቀሱ ያዩትን ተናገሩ፤ ይህም ለአንድ ሰው 200 ጊዜ ያህል ተደጋገመ። ከዚያ በኋላ ኮምፒዩተሩ የአንጎላቸውን ምልክት ብቻ አይቶ ሰው፣ ቤት፣ መኪና የመሳሰሉትን ነገሮች ከሁለት አማራጭ ሲለይ 60 ከመቶ ያህል ጊዜ ተሳካለት። ሕልሙን እንደ ፊልም አላየውም፤ በግምት ከሚገኘው ውጤት ግን ይበልጣል። ሁለት ሰዎች በአንድ ሕልም ስለመገናኘታቸው እስካሁን በገለልተኛ ተመራማሪዎች የተረጋገጠ ማስረጃ የለም። በ2024 አንድ ኩባንያ ሁለት የተኙ ሰዎች አንድ ቃል ተለዋወጡ ብሎ አስታውቋል፤ ያልተመረመረ ማስታወቂያ ስለሆነ በማስረጃነት አላቀርበውም። ያለኝ ማስረጃ ይህ ነው፦ ወደ ሕልም የሚያስገባው በር በጥቂቱ ተከፍቷል፤ የተከፈተውም ከውጭ በኩል ነው።

በዚህ በር ለመግባት የቸኮለው ደግሞ ነጋዴ ነው። በአሜሪካ የማሳቹሴትስ የቴክኖሎጂ ተቋም ተመራማሪዎች እ.ኤ.አ. በ2020 ባሳወቁት ጥናት እጅ ላይ የሚታሰር መሣሪያ ሰውየው ሊያሸልብ ሲል ስለ ዛፍ እንዲያስብ በድምፅ ያሳስበዋል፤ ሲቀሰቀስም ብዙ ጊዜ ዛፍ እንዳየ ይናገራል። ዓላማቸው የፈጠራ ችሎታንና ሕክምናን መርዳት ነበር። ብዙም ሳይቆይ በ2021 መጀመሪያ የቢራ ጠማቂው ሞልሰን ኩርስ በትልቁ የአሜሪካ እግር ኳስ ውድድር ዋዜማ ሰዎች ከመኝታ በፊት ተራራና ወራጅ ውሃ የሚያሳይ ፊልም እንዲያዩ፣ ሌሊቱንም የተዘጋጀ ድምፅ እንዲሰሙ ጋበዘ፤ ቢራውን በሕልማቸው እንዲያዩ ለማድረግ ነው። በዚያው ዓመት 40 ያህል የእንቅልፍና የሕልም ተመራማሪዎች ማስታወቂያ ወደ እንቅልፍ እንዳይገባ መንግሥታት ይከልክሉ የሚል ግልጽ ደብዳቤ አወጡ። በዛፉ ጥናት ከተሳተፉት ሳይንቲስቶች አንዳንዶቹ ፈራሚዎች መሆናቸው ማስጠንቀቂያውን ያከብደዋል። በአገራችን በ2011 ዓ.ም. የወጣው የምግብና መድኃኒት አስተዳደር አዋጅ ቁጥር 1112 በሬዲዮና በቴሌቪዥን በሚተላለፍ የአልኮል ማስታወቂያ ላይ ገደብ ጥሏል። ሬዲዮ ግን የሚዘጋ ነገር ነው፤ የተኛ ሰው ጆሮ መዝጊያ የለውም። በእያንዳንዳችን ትራስ አጠገብ ደግሞ ሌሊቱን ሙሉ የማይዘጋ ስልክ ተቀምጧል።

ሕልም ከውጭ በሚመጣ ነገር እንደሚለወጥ ለማመን ወደ ጃፓንም ወደ አሜሪካም መሄድ አያስፈልግም። ጫት የሚቅሙ ሰዎች ዱካክ የሚሉትን ያውቁታል። ልማዱ የተቋረጠበት ሰው በተኛበት የሚጫነው፣ የሚያስፈራራውና የሚያባንነው ነገር ነው። ስሙን ለመንፈስ የሚሰጡት አሉ፤ የአእምሮ ሐኪሞች ደግሞ ሱስ ሲቋረጥ ከሚመጣ ቅዠት ጋር ያያይዙታል። በየትኛውም አፈታት ቢሆን አንድ ቅጠል የሰውን ሌሊት መግዛት እንደሚችል እናያለን። ቅጠል የቻለውን የታቀደና በየሌሊቱ የሚደጋገም ድምፅ ጭራሽ አይችልም ማለት ያስቸግራል።

አሁን ወደ ነባሩ ሥርዓት ልመለስ። በጠዋት ቡና ላይ አንዲት ሴት «ሌሊት ጥርሴ ሲወልቅ አየሁ» ስትል ጎረቤቷ ትርጉሙን ከማንሣቷ በፊት «ለደግ ያድርገው» ትላታለች። የወለቀ ጥርስ የዘመድ ሞት ነው እየተባለ ሲፈራ የኖረ መሆኑን ሁለቱም ያውቃሉ፤ ቢሆንም ሰሚዋ አስቀድማ ሕልሙን ወደ ደግ ታዞረዋለች። ሕልም እንደ ፈቺው ነው የሚባለውም ለዚህ ነው። ሕልም በራሱ ያለቀ ነገር ሳይሆን በሰሚው አፍ የሚያድግ ስለሆነ ለማን እንደሚነገር መምረጥ ያስፈልጋል። ስለ ሕልም መጠንቀቅን ሃይማኖቶቻችንም በየበኩላቸው ያስተምራሉ። በኦሪት ዘፍጥረት ዮሴፍ ሕልሙን ለወንድሞቹ መናገሩ ጥላቻቸውን አብሶበታል። በእስልምና ትምህርት መልካም ሕልም ያየ ሰው ለሚወደው ብቻ እንዲነግር፣ ክፉ ያየ ደግሞ ለማንም እንዳይነግር ይመከራል። በኢትዮጵያ ኦርቶዶክስ ቤተ ክርስቲያን ቀኖና የሚገኘው መጽሐፈ ሲራክ በሕልም የሚታመን ሰው ጥላን እንደሚከተል ይቆጠራል ብሎ ያስጠነቅቃል። አንዱ ሕልምን ሲያከብር ሌላው ሲጠራጠር፣ ሁሉም ግን ምርጫውን ለነቃው ባለ ሕልም ይተዉለታል።

በምዕራብ ሸዋ ከዚህም የሚቀርብ ማስረጃ አለ፤ እሱም የሜጫ ኦሮሞ የቃሉ ሥርዓት ነው። ስዊድናዊው የሥነ ሰብ ተመራማሪ ካርል ኤሪክ ክኑትሶን በዚሁ ሥርዓት ላይ ያደረገውን ጥናት እ.ኤ.አ. በ1967 በመጽሐፍ አሳትሟል። ቃሉ የሚባለው የነባሩ እምነት መሪ ነው፤ ገልማ በሚሉት የአምልኮ ቤቱ ሰዎች በሌሊት ይሰበሰባሉ፤ አያና የሚባለው መንፈስ በቃሉው ላይ ይወርዳል፤ የተጣላው፣ የተሰረቀው፣ የታመመው ጉዳዩን ያቀርባል። ሥርዓቱን ያመነበት ሰውም ሆነ በሌላ ሃይማኖት ምክንያት የማይቀበለው ሰው አንድ ነገር ልብ እንዲል እጠይቃለሁ። መንፈሱ ይገባበታል የሚባለው ሰው የታወቀ ነው፤ እርሱም ቃሉው ራሱ ነው። የሚሆነውም በተሰበሰበ ሕዝብ ፊት ነው፤ ባለጉዳዩ ነቅቶ በእግሩ መጥቷል፤ ያልተስማማው በእግሩ ይመለሳል። በልብ ወለዱ መሣሪያ ግን ነገሩ ይገለበጣል። የሚገባበት ባለጉዳዩ ነው፤ የሚገባው አይታወቅም፤ ምስክር የለም፤ ባለቤቱም ተኝቷል። ሕዝቡ ለዘመናት በጋራ ሲያየውና ሲመዝነው የኖረውን ኃይል መሣሪያው ወደ ጨለማ ያስገባዋል።

እዚህ ላይ የሚነሡ ተቃውሞዎች አሉ፤ ቀላል አድርጌ አላልፋቸውም። የመጀመሪያው «ዳቦ፣ ማዳበሪያና ሰላም በሚያስጨንቀን ሰዓት ስለሌለ መሣሪያ መነጋገር ቅንጦት ነው» የሚል ነው። የችግሩን ክብደት አልክድም። ነገር ግን ስልክና ማኅበራዊ ሚዲያ ወደ ከተሞቻችን ሲገቡ መጀመሪያ ተጠቅመን፣ ቀጥሎ ተጎድተን፣ ሕጉን ያሰብነው በመጨረሻ ነው። የግል ዳታ ጥበቃ አዋጅ ቁጥር 1321 የወጣው በ2016 ዓ.ም. ሲሆን በዚያን ጊዜ የብዙ ሰው መረጃ አስቀድሞ በሌሎች እጅ ነበር። አስቀድሞ ማሰብ ገንዘብ አያስወጣም፤ የዘገየ ሕግ ግን ዋጋው የሚከፈለው በተጎጂው ነው።

ሁለተኛው ተቃውሞ ከሁሉም የከበደ ነው፤ ፈውስን ይመለከታል። አምቦና ጊንጪ በ2006 እና በ2008 ዓ.ም. በተነሡት ተቃውሞዎች ያዩትን፣ የአምቦ ተወላጁ ድምፃዊ ሃጫሉ ሁንዴሳ በሰኔ 2012 ዓ.ም. ሲገደልም የሆነውን እናንተ ከእኔ ይልቅ ታውቁታላችሁ። በእንዲህ ያለ አገር ሌሊት እየባነነ የሚነሣ እናትና አባት፣ ወጣትና ሕፃን ይኖራል። ቅዠቱን ገብቶ የሚያወጣለት መሣሪያ ቢገኝ በምን አንደበት እንከለክለዋለን? መልሴ ከራሱ ከሕክምናው የተወሰደ ነው። ቅዠት ለሚያሠቃየው ሰው ከሚሰጡት ሕክምናዎች አንዱ ሰውየው ነቅቶ ሳለ ቅዠቱን ራሱ በመረጠው መልካም ፍጻሜ ለውጦ በየቀኑ በሐሳቡ እንዲለማመደው ያደርጋል። እ.ኤ.አ. በ2022 የወጣ የጄኔቭ ሐኪሞች ጥናት ደግሞ ቅዠት የሚያሠቃያቸው 36 ሰዎች ይህን እንዲለማመዱ አደረገ። ከእነሱ ግማሾቹ መልካሙን ፍጻሜ ሲያስቡ አንድ የፒያኖ ድምፅ ሰሙ፤ ከዚያ ለሁለት ሳምንት ሕልም በሚታይበት ሰዓት ያው ድምፅ ራስ ላይ ከሚታሰር መሣሪያ ለሁሉም በቀስታ ተሰማላቸው። የሁሉም ቅዠት ቀነሰ፤ ድምፁን አስቀድመው ከመልካሙ ፍጻሜ ጋር ያያያዙት ግን ከሌሎቹ ይበልጥ ተሻላቸው፤ ጥቅሙም ከሦስት ወር በኋላ አልጠፋም። የመልካሙን ፍጻሜ ታሪክ የጻፈው ማን እንደሆነ ተመልከቱ። ሕመምተኛው ራሱ ነው፤ የጻፈውም ነቅቶ ነው፤ ድምፁ ያደረገው ነገር ቢኖር የእሱኑ ምርጫ ማስታወስ ብቻ ነው። ስለዚህ ፈውስና ፈቃድ አይጣሉም። የምጠይቀው ሥርዓት እንዲህ ያለውን ሕክምና የሚከለክል ሳይሆን የሚጠብቅ ነው።

ሦስተኛው ተቃውሞ ነባሩ ልማድ ራሱ ንጹሕ አይደለም የሚል ነው። ሕልም ፈቺ ነኝ እያለ ገንዘብ የበላ፣ በሕልም አየሁ ብሎ ጎረቤትን ከጎረቤት ያጣላ፣ ትዳር ያፈረሰ የለም ወይ? አለ። በየእምነቱ ስም ይህን ያደረጉ ሰዎች ነበሩ፤ ዛሬም አይጠፉም። ልማዱን የማነሣው ፍጹም ነው ለማለት አይደለም። ነገር ግን ልማዱ ለራሱ ጥፋት መድኃኒት አለው። አንዱ ፈቺ ክፉ ቢፈታ ባለ ሕልሙ ወደ ሌላ ይሄዳል፤ ቄሱን፣ ሼኩን፣ ፓስተሩን ወይም ሽማግሌውን ይጠይቃል፤ ካሻውም ዝም ይላል። አታላዩን ደግሞ ሰፈሩ በስሙ ያውቀዋል። በሕልሙ ውስጥ ሐሳብ የተተከለበት ሰው ግን ሐሳቡ የራሱ ስለሚመስለው ሌላ ፈቺ አይፈልግም፤ የሚከሰውንም ሰው አያውቅም። ልማዱ ጉድለት ስላለው ምንም ሕግ የሌለው መሣሪያ ይተካው ማለት፣ ጣሪያው ስለሚያፈስ ቤቱን በሌሊት ለማያውቁት ሰው ከፍቶ መተኛት ነው።

አራተኛው «የአንድ ድሃ አገር ሕግ ግዙፍ የውጭ ኩባንያን አያስቆምም» የሚል ነው። ቺሊ ይህን ሞክራለች። እ.ኤ.አ. በ2021 ሕገ መንግሥቷን አሻሽላ የአንጎል እንቅስቃሴና ከእሱ የሚገኝ መረጃ በሕግ እንዲጠበቅ ደነገገች። በ2023 የቺሊ ጠቅላይ ፍርድ ቤት ኢሞቲቭ የተባለው፣ የአንጎል ምልክት የሚለካ መሣሪያ የሚሸጥ የአሜሪካ ኩባንያ፣ ከቀድሞው የምክር ቤት አባል ጊዶ ጊራርዲ የወሰደውን የአንጎል መረጃ እንዲሰርዝ አዘዘ። ፍርዱ ሊሰጥ የቻለው ሕጉ ቀድሞ ስለተጻፈ ነው። የእኛም መነሻ ባዶ አይደለም። የ1987 ዓ.ም. ሕገ መንግሥት በአንቀጽ 26 የግል ሕይወትን፣ በአንቀጽ 27 የሃይማኖት፣ የእምነትና የአመለካከት ነጻነትን ይጠብቃል። ሰው ከሕልሙ የበለጠ የግል ነገር የለውም፤ እምነቱና ፍርሃቱ ሳይሸፈን የሚታየውም እዚያ ነው። እነዚህ አንቀጾች ወደ እንቅልፍ እንዲዘልቁ በዝርዝር ሕግ መናገር እንጂ አዲስ መሠረት መጣል አያስፈልገንም።

ዝርዝሩ ሦስት ነገር ቢይዝ በቂ ይመስለኛል። አንደኛ፣ ወደ ሰው ሕልም ድምፅ፣ ሽታ፣ ብርሃን ወይም ማናቸውንም ምልክት የሚልክ ሰው ባለ ሕልሙን ነቅቶ ሳለ በሚገባው ቋንቋ፣ በአፋን ኦሮሞም ሆነ በአማርኛ፣ አስረድቶ ፈቃዱን ይቀበል፤ ፈቃዱም በነጋ ቁጥር የሚነሣ ይሁን። ሁለተኛ፣ የንግድም ሆነ የፖለቲካ ማስታወቂያ በእንቅልፍ ጊዜ ፈጽሞ ይከልከል፤ እዚህ ላይ ፈቅዷል የሚባል ሰበብ አይሥራ፤ ምክንያቱም ድሃ ለጥቂት ብር ሌሊቱን እንዲሸጥ የሚያደርግ ገበያ መከፈት የለበትም። ሦስተኛ፣ ከተኛ ሰው አንጎል የተወሰደ ማናቸውም መረጃ የባለቤቱ ይሁን፤ በፖሊስ ምርመራ፣ በፍርድ ቤት፣ በቅጥርና በባንክ ብድር ማስረጃ ሆኖ አይቅረብ። ሰዎች በተናገሩት ቃል ሲታሰሩ ባየ አገር፣ ያልተናገሩት ሕልም ወንጀል የሚሆንበትን መንገድ አስቀድሞ መዝጋት የሁላችንም ግዴታ ነው።

የሜጫ ኦሮሞ በጉባኤ ቦታው በኦዳ ቢሲል ሕግ ሲደነግግ ጉባኤው ነቅቶ፣ ተሰብስቦ፣ እየተከራከረ ነበር። ስለ ሌሊታችን የሚወጣውም ሕግ እንዲሁ በቀንና በአደባባይ እንዲመከርበት እፈልጋለሁ። የአምቦ ዩኒቨርሲቲ የሕግና የጤና መምህራን የሽማግሌዎችን፣ የሃይማኖት አባቶችንና የእናቶችን የሕልም ሥርዓት መዝግባችሁ በሕግ ቋንቋ እንድታቀርቡት አደራ እላለሁ። ወላጆች፣ ልጆቻችሁ ስልክ ጆሯቸው ላይ አድርገው እንዳይተኙ ከዛሬ ማታ ጀምራችሁ ተከታተሉ። የምክር ቤት ተወካዮቻችሁ ለስብሰባ ሲመጡ ደግሞ ይህን ጥያቄ በስማቸው ጠይቋቸው፦ የተኛ ሰው ያልሰጠውን ፈቃድ ማንም እንዳይወስድበት የሚከለክል ሕግ መቼ ታወጣላችሁ?